የማጀት መድኃኒት

ባሕር ዛፍ ከየት እንደመጣ ስሙ ራሱ ይናገራል። ሆኖም አዲስ አበባ ውስጥ አንድ ሰው ጉንፋን ይዞት ሌሊቱን ሲስል ካደረ፣ ጠዋት ከቤቱ ሴቶች አንዷ ለምለም ቅጠሉን አስቆርጣ በድስት ታፈላለች። በሽተኛውን ጋቢ ታከናንብና እንፋሎቱን ታጥነዋለች። ጎረቤት ቢጠይቃት መልሷ «የአያት የቅድመ አያት መድኃኒት ነው» የሚል ነው። አባባሉ ጥቂት ትውልድ ያስኬዳል። ከዚያ በላይ ያሉት ግን ዛፉን በዓይናቸውም አላዩት።

የአውስትራሊያው ዛፍ ኢትዮጵያ የገባው በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን፣ በ1887 ዓ.ም. ግድም ነው። ካስመጡት መካከል የንጉሠ ነገሥቱ አማካሪ የነበረው ፈረንሳዊ ሞንዶን ቪዳይሌ ስሙ ይነሣል። አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. ከተቆረቆረች በኋላ ዙሪያዋን የነበረው ደን ለማገዶና ለቤት መሥሪያ ሲጨፈጨፍ ቶሎ ተመናመነ። ምኒልክም መናገሻቸውን ወደ አዲስ ዓለም ለማዛወር እስከማሰብ ደረሱ። በጥቂት ዓመት የሚደርሰው ባሕር ዛፍ ከተማዋን ባለችበት አቆያት። የተተከለው ለማገዶ ነው፤ ወደ ጉንፋን መታጠኛ ድስት የገባው ከዚያ በኋላ ነው። ስለዚህ ይህ «ጥንታዊ» መድኃኒት በዕድሜ ከከተማዋ ያንሳል።

ነገሩ የባሕር ዛፍ ብቻ አይደለም። ዛሬ «ባህላዊ» በሚል አንድ ቃል የሚጠቀለለው የሳል መድኃኒት ሲበተን፣ እያንዳንዱ ቅመም የራሱ መንገድና የራሱ ዘመን አለው። ዝንጅብሉ ከደቡብ ምሥራቅ እስያ፣ ነጭ ሽንኩርቱ ከመካከለኛው እስያ፣ ሎሚውም ከዚያው ከእስያ የመጡ ናቸው። ከስኒው ውስጥ የአገሩ ተወላጅ የሆኑት ማሩና ጦስኙ ናቸው።

ጦስኝ የደጋ ልጅ ነው። ከመሬት ጋር ተጣብቆ የሚያድግ፣ ሲረገጥ የሚሸት ትንሽ ቁጥቋጦ ነው፤ በባሌ፣ በመንዝ፣ በአንኮበር፣ በሰሜን ተራሮች ይገኛል። በኢትዮጵያ ሁለት ዓይነት ጦስኝ የታወቀ ሲሆን ሁለቱም ከዚህ ምድር ሌላ በተፈጥሮ አይበቅሉም። በስፋት የሚታወቀው ዓይነት ሳይንሳዊ ስሙ ታይመስ ሺምፐሪ ነው። ስሙ የተወሰደው እ.ኤ.አ. በ1837 ኢትዮጵያ ገብቶ 40 ዓመት ያህል ከኖረው፣ እ.ኤ.አ. በ1878 ዓድዋ ላይ ካረፈው ጀርመናዊ የዕፅዋት ተመራማሪ ቪልሄልም ሺምፐር ነው። ሺምፐር በሺህ የሚቆጠሩ ቅጠሎችን አድርቆ ወደ አውሮፓ ልኳል። የመንዝ ሰው ግን ጦስኝን ለሻይ፣ ለወጥና ለሳል ለመልቀም የማንንም ስያሜ አልጠበቀም።

ጦስኝ ሳል ላይ የሚሠራው በዘይቱ ነው። በውስጡ ቲሞልና ካርቫክሮል የሚባሉ ሁለት ንጥረ ነገሮች አሉ። ቲሞልን ጀርመናዊው ኬሚስት ካስፓር ኖይማን ከአውሮፓው ጦስኝ እ.ኤ.አ. በ1719 ለይቶ አውጥቶታል። ሁለቱም ጀርም የመግደል ጠባይ አላቸው፤ ዛሬም በብዙ አገር የሳል ሽሮፕና የአፍ መጉመጥመጫ ውስጥ ይገባሉ።

ማሩስ? ኢትዮጵያ በዓመት 50,000 ቶን ገደማ እያመረተች በአፍሪካ ቀዳሚ ናት። የላሊበላ ስም ራሱ ከንብ ጋር የተሳሰረ ነው፤ በትውፊቱ መሠረት ሕፃኑ ሲወለድ ንብ ስለከበበው እናቱ ንቦች ንግሥናውን አወቁ ስትል ስም አወጣችለት። የትግራይ ነጭ ማር፣ የደቡብ ምዕራቡ የጫካ ማር፣ ጠቆር ያለው የቆላ ማር እያንዳንዱ ወዳጅ አለው፤ የሳል ነገር ሲነሣ ግን ብዙ ቤት የሚመርጠው ያልተነጠረውን፣ ሰፈፉ ያለበትን ነው። ስኳር ከማር ጎን ለመቆም ብዙ ዘመን ፈጅቶበታል። በመጀመሪያው መቶ ክፍለ ዘመን የቀይ ባሕርን ንግድ የመዘገበው የግሪክኛ መጽሐፍ፣ ፔሪፕለስ፣ ከሕንድ ወደ ሱማሌ ጠረፍ ወደቦች ከሚመጣው ሸቀጥ መካከል ስኳርን ሲጠቅስ ከሸምበቆ የሚገኝ ማር አድርጎ ነው። ለጸሐፊው ማር መለኪያው ነበር። በኢትዮጵያ ስኳር የየቤቱ ነገር ወደ መሆን የተጠጋው እ.ኤ.አ. በ1954 ወንጂ ፋብሪካ ማምረት ከጀመረ ወዲህ ነው፤ ከዚያ ወዲህ ብዙ የሳል ሻይ በማር ፋንታ በስኳር ጣፍጧል። እዚህ ላይ ማጀቱ ተጎድቷል ማለት ይቻላል፤ ስኳር ይጣፍጣል እንጂ እንደ ማር ጉሮሮ ላይ አይለጠፍም።

ዝንጅብል ባሕር ተሻግሮ ቢመጣም ዛሬ ማንም እንግዳ አይለውም። በወላይታ፣ በከምባታ፣ በሀዲያና በዳውሮ ለገበሬው ጥሬ ገንዘብ የሚያስገኝ ሰብል ሆኖ ኖሯል። በ2004 ዓ.ም. ግድም አንድ ባክቴሪያ የሚያመጣው የማጠውለግ በሽታ ማሳውን ሲያወድም፣ የተጎዱት ለዘር እንኳ ጤነኛ ሥር ያጡ ገበሬዎች ነበሩ።

የሳሉን መድኃኒት አሠራር የቤቱ ሴቶች በቃል ይዘውት ኖረዋል፤ ቅደም ተከተሉም ዝም ብሎ አይደለም። ዝንጅብሉ ታጥቦ በሙቀጫ ይደቀቃል፤ ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ገብቶ ቀስ ብሎ ይፈላል። ጦስኙ የሚጨመረው ድስቱ ሊወርድ ሲል ነው፤ ወዲያው ይከደናል። ክዳኑ ካልተዘጋ ያ ሁሉ ሽታ ቤቱን ያውዳል እንጂ ስኒው ውስጥ አይቀርም። ማር ከእሳት ላይ አይገባም፤ ሻዩ ለአፍ የሚሆን ያህል ሲበርድ ይጨመራል፤ ሎሚው የመጨረሻው ነው። ነጭ ሽንኩርት ደግሞ ሌላ ጠባይ አለው፦ ተልጦ ይደቀቅና ጥቂት ቆይቶ በጥሬው ከማር ጋር ይለወሳል፤ ማታና ጠዋት አንድ ማንኪያ ይላሳል። ለምን በጥሬው? ለምንስ ተደቁሶ? መልሱ የተጀመረው አሜሪካኖቹ ኬሚስቶች ካቫሊቶና ቤይሊ እ.ኤ.አ. በ1944 አሊሲንን ለይተው ሲያወጡ ነው። ጀርም የሚገድለው አሊሲን ሙሉው ፍሬ ውስጥ የለም፤ ፍሬው ሲደቀቅ ነው የሚፈጠረው። በደንብ ከፈላ ደግሞ የሚፈጥረው ኤንዛይም ይሞታል። ሙቀጫው ኬሚስቶቹን በብዙ ዘመን ቀድሟቸዋል።

ይህ ሁሉ ዕውቀት ግን በብራና ላይ እምብዛም አይገኝም። ደብተራዎች የጻፏቸው የመድኃኒት መጻሕፍት አሉ። ፈረንሳዊው ማርሴል ግሪዮል የአንድ ደብተራን የመድኃኒት መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ1930 አሳተመ፤ ፖላንዳዊው ስቴፋን ስትሬልሲን ደግሞ የኢትዮጵያን የሕክምና ጽሑፎች ሰብስቦና ተርጉሞ የመጀመሪያውን ቅጽ እ.ኤ.አ. በ1968 ዋርሶ ላይ፣ ሁለተኛውን በ1973 ኔፕልስ ላይ አወጣ። ውለታቸው ትልቅ ነው። ሆኖም በእነዚያ መጻሕፍት የሚናገረው የተማረው ወንድ ነው፤ ከቅጠሉና ከሥሩ ጎን ጸሎትና አስማት ይቆማል። ማጀት ውስጥ ዝንጅብል የምትደቁሰው ሴት ስሟም ድምፅዋም እዚያ የለም። የሳልን ታሪክ መጻፍ የሚያስቸግረው ለዚህ ነው፤ ባለቤቶቹ ያስተላለፉት በእጅ እንጂ በብዕር አልነበረም።

ፋርማሲ ሲመጣም ማጀቱ አልተዘጋም። ዶክተር ሜራብ የሚባለው ጆርጂያዊ ሐኪም እ.ኤ.አ. በ1910 አዲስ አበባ ላይ ፋርማሲ ከፍቶ ነበር፤ የምኒልክ ሆስፒታልም የዚያው ዘመን ሥራ ነው። ነገር ግን ለከተማው ሕዝብ ይህ ከባሕር አንድ ጠብታ ነበር። ጉድለቱ በኅዳር 1911 ዓ.ም. ወለል ብሎ ታየ። ዓለምን ያዳረሰው ኢንፍሉዌንዛ አዲስ አበባ ሲገባ ሐኪሞቹ በጣት የሚቆጠሩ ነበሩ፤ ከእነሱም የሞተ አለ። አልጋ ወራሹ ራስ ተፈሪ መኮንን ራሳቸው በጽኑ ታመው ተረፉ። በመዲናይቱ ብቻ ወደ 10,000 የሚጠጋ ሰው እንዳለቀ ይገመታል። ቀባሪ ጠፋ። የኅዳር በሽታ ተብሎ የቀረው ያ መቅሠፍት እስከ ዛሬ ኅዳር 12 ቀን ይታወሳል፤ በየሰፈሩ ቆሻሻ ተጠርጎ ይከመርና ይቃጠላል፣ ከተማው በጭስ ይሞላል፤ «ኅዳር ሲታጠን» ይባላል። ሰው በጋቢ ተሸፍኖ እንደሚታጠነው፣ በዚያ ቀን የሚታጠነው ከተማው ነው።

የቤት ሕክምናን የሚወድ ሰው የጨለማ ጎኑንም መናገር አለበት። በብዙ አካባቢ ልጅ ሲያስለውና ጉሮሮው ሲያብጥ እንጥሉን ማስቆረጥ የቆየ ልማድ ነበር፤ ባልታጠበ ምላጭ ደም የፈሰሳቸውና የታመሙ ሕፃናት ጥቂት አይደሉም። አዲስ ለተወለደ ሕፃን ቅቤ ማዋጥም እንዲሁ በደግ ልብ የሚደረግ ነገር ነበር። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 561 ሁለቱንም በስም ጠርቶ ከጎጂ ልማዶች ጋር መድቧቸዋል። ሕጉ ከማጀት የወጣውን ሁሉ አልኮነነም፤ ለይቷል፤ መለየቱም ትክክል ነበር።

መለየቱን ሳይንስም ቀጥሎበታል። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2001 ባወጣው ጽሑፍ ጉሮሮን የሚያለዝቡ የቤት መጠጦችን ለልጆች ሳል ደግፏል፤ ማርም አብሮ ተጠቅሷል። እ.ኤ.አ. በ2007 በአሜሪካ ፔንሲልቬንያ በ105 ልጆች ላይ የተደረገ ጥናት፣ ከመኝታ በፊት የተሰጠ ማር ምንም ካለመስጠት ይልቅ የሌሊት ሳልን እንዳበረደ አሳይቷል። ጥንቃቄዎቹም ግልጽ ናቸው። ዕድሜው አንድ ዓመት ላልሞላ ሕፃን ማር አይሰጥም፤ ለሕፃን አንጀት አደገኛ የሆነ የቦቱሊዝም ዘር ሊኖርበት ይችላል። በሻዩ ጤና አዳም የሚጨመር ከሆነ ለነፍሰ ጡር አይሆንም። የሚፈላ ድስት ላይ ልጅ ማጠን የቃጠሎ አደጋ አለው። ሁለት ሳምንትና ከዚያ በላይ የቆየ ሳል ደግሞ የዝንጅብል ጉዳይ መሆኑ ያበቃል፤ የሳንባ ነቀርሳ ምርመራ ያስፈልገዋል። ብዙ ሰው ጤና ጣቢያ የሚደርሰው ከወራት የማር ማንኪያ በኋላ ነው፤ ይህ መዘግየት ሕይወት ያስከፍላል።

መጋቢት 4 ቀን 2012 ዓ.ም. የመጀመሪያው የኮሮና በሽተኛ አዲስ አበባ ላይ ሲገኝ ሰው ወደ ገበያ ሮጠ። ነጭ ሽንኩርት፣ ሎሚና ዝንጅብል በቀናት ውስጥ ዋጋቸው አሻቀበ፤ ያለአግባብ ጨምረዋል የተባሉ ሱቆችም ታሸጉ። ከ1911 ዓ.ም. አንድ መቶ ዓመት አልፎም ሕዝቡ በጭንቅ ሰዓት መጀመሪያ የዘረጋው እጅ ወደ ሙቀጫው ነበር።

ወደ ዋሽንግተንና ወደ ቴል አቪቭ በሚሄዱ ሻንጣዎች ውስጥ በርበሬና ሽሮ ሥር የተጠቀለለ ደረቅ ጦስኝ ይገኛል። ዝንጅብል በየትም አገር ሱቅ አለ፣ ሎሚም እንዲሁ። የመንዝና የባሌ ጦስኝ ግን የለም። ፈላጊው በበዛ ቁጥር ዲንሾና ጣርማ በር ላይ የሚሸጠው እስር በዝቷል፤ ከለቃሚዎቹ አንዳንዶቹም ጫፉን በማጭድ ከመቁረጥ ይልቅ ከነሥሩ ይነቅሉታል። ጫፉ የተቆረጠ ጦስኝ ከክረምቱ ዝናብ በኋላ እንደገና ያቆጠቁጣል። የተነቀለው ቦታ ላይ የሚቀረው ባዶ አፈር ነው።